በሽታ ነው ወይ ብላ የጠየቀች ሴት

(ሎስ አንጀለስ ውስጥ ለአማርኛ ተናጋሪ ነርሶች፣ የማኅበራዊ አገልግሎት ሠራተኞችና ወላጆች ካደረግሁት ንግግር የተጻፈ። ካልተገለጸ በቀር ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።)

እንደምን ዋላችሁ። ቅዳሜ ከሰዓት ጉዳያችሁን ትታችሁ ስለመጣችሁ አመሰግናለሁ። ነርሶች አላችሁ፣ የማኅበራዊ አገልግሎት ሠራተኞች አላችሁ፣ እንደኔ የምክር አገልግሎት የምትሰጡም አላችሁ። ወላጆችም አያለሁ። በተለይ እናንተ በመምጣታችሁ ደስ ብሎኛል።

በሥራዬ ደጋግሞ የሚመጣ ጥያቄ አለ። አባት ወይም እናት ይመጣሉ፣ ቁጭ ይላሉ፣ ስለ ሌላ ስለ ሌላው ያወራሉ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ልጃችን የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ ነኝ አለን። በሽታ ነው እንዴ? መድኃኒት አለው?» ይሉኛል። የሚጠይቁት ከጭንቀትና ከፍቅር ነው። ጥያቄው ደግሞ ከሜዳ የመጣ አይደለም። የኔው ሙያ ራሱ ለብዙ ዓመታት «አዎ፣ በሽታ ነው» ሲል ኖሯል። መጽሐፍ ላይ ጽፎታል፣ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ አስተምሮታል፣ ፍርድ ቤት ቀርቦ መስክሮበታል። ዛሬ መልሱ ሌላ ነው።

መልሱ እንዴት እንደተቀየረ ነው ዛሬ የማወራችሁ። ለውጡን ያመጡት ብዙ ሰዎች ናቸው። እኔ ግን አንዷን መርጫለሁ። ኤቭሊን ሁከር ትባላለች። የሥነ ልቦና ባለሙያ ነበረች። ሥራዋን የሠራችው እዚሁ ሎስ አንጀለስ ነው። ከፌርፋክስ የሐበሻ ምግብ ቤቶች ተነስታችሁ ወደ ምዕራብ ብትነዱ፣ መንገዱ ካልተጨናነቀ ቤቷ የነበረበት ሳልቴር ጎዳና ለመድረስ ብዙም አይፈጅባችሁም።

መጀመሪያ ዘመኑን ላሳያችሁ። የአሜሪካ የሳይካትሪ ማኅበር፣ ማለትም የአእምሮ ሐኪሞች ማኅበር፣ በ1952 የመጀመሪያውን የአእምሮ ሕመሞች መዝገብ አወጣ። ተመሳሳይ ጾታ ማፍቀር እዚያ ውስጥ ከሕመሞቹ ተርታ ተጻፈ። በ1953 ፕሬዚዳንት አይዘንሃወር በፈረሙት ትእዛዝ ምክንያት ብዙ ሰዎች በዚሁ ጉዳይ ከፌዴራል መንግሥት ሥራ ተባረሩ። በሕግ በኩል ድርጊቱ በመላው አገሪቱ በወንጀል ያስቀጣ ነበር። ካሊፎርኒያም እንደዚያው። ፖሊስ ሲቪል ለብሶ መጠጥ ቤት ይገባና ሰው ያጠምዳል። የተያዘው ሰው ስሙ ጋዜጣ ላይ ከወጣ ሥራውም ቤቱም አለቀለት።

ሕክምና ይባል የነበረውንም ልንገራችሁ። የኤሌክትሪክ ንዝረት ነበር። የሚያስመልስ መድኃኒት ሰጥቶ የወንድ ፎቶ ማሳየት ነበር። አንጎላቸው በቀዶ ሕክምና የተነካም አሉ። ይህን ሁሉ ያደረጉት ነጭ ጋውን የለበሱ፣ እየረዳን ነው ብለው የሚያምኑ ሰዎች ናቸው። እኛ የጤና ባለሙያዎች ይህን መርሳት የለብንም።

እንግዲህ ነገሩ እርስ በርሱ ተደጋግፎ የቆመ ነበር። ዳኛው ሐኪሙን ይጠቅሳል። አለቃው ዳኛውን ይጠቅሳል። ጎረቤት ደግሞ «ሐኪሞቹስ ካሉ» ይላል። ሐኪሙ ማንን ይጠቅስ ነበር? በሽተኞቹን። እዚህ ላይ ትንሽ ቆዩልኝ፤ የዛሬው ወሬዬ ሁሉ እዚህ ላይ ነው የተንጠለጠለው።

የዚያ ዘመን ሐኪም የሚያውቃቸው የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪዎች ሁለት ዓይነት ነበሩ። አንደኞቹ ተጨንቀው፣ ተስፋ ቆርጠው፣ ራሳቸውን ሊያጠፉ ደርሰው ወደሱ የመጡ ናቸው። ሌሎቹ ከእስር ቤት ወይም ከጦር ሠራዊቱ ለምርመራ የተላኩለት ናቸው። እነሱን አይቶ «እነዚህ ሰዎች የታመሙ ናቸው» ብሎ ጻፈ። ይህ ጥቁር አንበሳ ድንገተኛ ክፍል በር ላይ ቆሞ «የአዲስ አበባ ሰው ሁሉ ደም ይፈስሰዋል» እንደማለት ነው። ሆስፒታል ያልመጣውን ሰው ማን ያየው? ሥራው ላይ ያለውን፣ ኪራዩን በሰዓቱ የሚከፍለውን፣ ከሚወደው ሰው ጋር አሥር ዓመት አንድ ቤት የኖረውን ማን ጠየቀው? ማንም።

የጠየቀችው ሁከር ናት። ለምን እሷ ሆነች? ሕይወቷን ሳነብ መልሱን የማገኘው ይመስለኛል።

የተወለደችው በ1907 ነብራስካ ውስጥ፣ ዘጠኝ ልጆች ባሉበት ድሃ የገበሬ ቤት ነው። ስድስተኛ ልጅ ናት። እናቷ ከሦስተኛ ክፍል ያላለፉ ሴት ነበሩ። ለልጃቸው ግን የተማርሽውን ማንም አይቀማሽም ይሏት ነበር። ይህቺን ምክር የኛም እናቶች አሳምረው ያውቋታል። ኮሎራዶ ዩኒቨርሲቲ ገባች። ለዶክትሬት የል ዩኒቨርሲቲ መሄድ ፈልጋ ነበር። የክፍሉ ኃላፊ ግን ለሴት የድጋፍ ደብዳቤ አልጽፍም አላት። ጆንስ ሆፕኪንስ ሄደችና በ1932 ዶክተር ሆነች። ብዙም ሳትቆይ ሳንባ ነቀርሳ ያዛትና ካሊፎርኒያ ውስጥ ሁለት ዓመት ያህል ተኝታ ታከመች።

በ1937 ደግሞ ለትምህርት በርሊን ሄደች። የተቀመጠችው አንድ የአይሁድ ቤተሰብ ቤት ነው። የሂትለርን መንግሥት በዓይኗ አየች። ያ ቤተሰብ በኋላ ካምፕ ውስጥ እንዳለቀ ሰማች። ስለዚህ በሕግ፣ በሳይንስ ስምና በሕዝብ ጭብጨባ አንድን ወገን ሰው ከሰው ተራ ማውጣት ምን እንደሚመስል ከመጽሐፍ አልተማረችውም። አብራቸው እራት ከበላቻቸው ሰዎች ነው የተማረችው።

ስትመለስም አልተመቻትም። የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ እዚህ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ሙሉ የመምህርነት ቦታ አልሰጣትም፤ ሴት ከዚህ በላይ አንቀጥርም የተባለበት ዘመን ነው። ለዓመታት ያስተማረችው በተጨማሪ ትምህርት ክፍል ነው። ሥራ ውለው የሚማሩ ሰዎች የሚመጡበት ክፍል። ደግነቱም ይኸው ሆነ። ትልቁ ታሪክ የጀመረው እዚያ ነው።

በ1940ዎቹ አጋማሽ ከተማሪዎቿ አንዱ ሳም ፍሮም የሚባል ወጣት ነበር። ጎበዝ ነው፣ ጨዋታ አዋቂ ነው፣ ከክፍል በኋላ ቆይቶ ያወራታል። ቆይቶ ከባለቤቷ ጋር እራት ጋበዛቸው። አብሮት የሚኖረውን ሰው ጆርጅን «የአጎቴ ልጅ ነው» ብሎ አስተዋወቃቸው። የአጎት ልጅ አልነበረም፤ የሚወደው ሰው ነው። ሳም እስኪያምናት ድረስ እየፈተናት ነበር። ይህቺ «የአጎቴ ልጅ» የምትል ነገር ስንቶቻችሁ ቤት እንደገባች አላውቅም። እኔ ብዙ ቤት ውስጥ ሰምቻታለሁ።

ቀስ እያለ ጓደኞቹን ሁሉ አስተዋወቃት። አንድ የምስጋና በዓል ሰሞን አብረው ሳን ፍራንሲስኮ ሄዱ። አንድ ምሽት ሆቴል ገብተው እንደተቀመጡ ሳም ነገሩን አወጣው። እኛን እንዳለን አይተሽናል፤ አሁን እንደኛ ያሉ ሰዎችን ማጥናት የሳይንስ ግዴታሽ ነው አላት። እኛ ሐኪም ዘንድ አንሄድም፣ ሐኪምም አያስፈልገንም፣ ስለኛ ግን የሚያውቅ የለም። እሷ እንቢ አለች። ጓደኞቼ ናችሁ፣ እንዴት አድርጌ ሳላዳላ አጠናችኋለሁ? እሱ ደግሞ ሰው ከሆነ የፈለግሽውን ያህል እናመጣልሻለን አላት።

አሁን አንድ ሰው ልብ በሉልኝ፤ በኋላ እንመለስበታለን። ብሩኖ ክሎፕፈር ይባላል። ከጀርመን የተሰደደ፣ ቀለም የፈሰሰባቸውን ካርዶች እያሳየ የሰው ጠባይ በሚመረምረው በሮርሻክ ፈተና በመላው አሜሪካ የታወቀ ሊቅ ነው። ከሁከር ጋር አንድ ቢሮ ነበራቸው። ተማሪዬ እንዲህ አለኝ ብላ ነገረችው። እሱ ከመቀመጫው ሊነሳ ደረሰ። መሥራት አለብሽ፣ አሁኑኑ መሥራት አለብሽ፣ ጓደኛሽ ልክ ነው አላት። እኛ የምናውቃቸው ታመው የሚመጡልንን ብቻ ነው አላት። ሊቁ ራሱ እውቀቱ ከየት እንደመጣ ሲጠየቅ እውነቱን ተናገረ። ይህን ክሎፕፈርን በጣም እወድለታለሁ።

ጥናቱ ወዲያው አልተጀመረም። ፍቺ መጣ፣ ወደ ሌላ ከተማ መሄድ መጣ፣ ሁለተኛ ትዳር መጣ። ሁለተኛው ባለቤቷ ኤድዋርድ ሁከር የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ፕሮፌሰር ነበሩ። ዛሬ የምናውቃት በሳቸው ስም ነው። በ1953 ለብሔራዊ የአእምሮ ጤና ተቋም የገንዘብ ድጋፍ ጥያቄ አስገባች። በማካርቲ ዘመን! ሰው ሁሉ በየመሥሪያ ቤቱ በሚመረመርበት ዘመን። የድጋፍ ክፍሉ ኃላፊ ጆን ኤበርሃርት ራሳቸው አውሮፕላን ተሳፍረው መጡና ቀኑን ሙሉ ከሷ ጋር ዋሉ። ይህን የምትጠይቅ ሴት ምን ዓይነት ሰው ናት ብለው ሊያዩዋት ነው። እኛ ልንሰጥሽ ዝግጁ ነን፣ ግን ላታገኚው ትችያለሽ፣ ለምን እንደተከለከልሽም አንቺም እኛም አናውቅም አሏት። በመጨረሻ ተሰጣት።

አሁን ወደ ጥናቱ። እዚህ ላይ ትንሽ ታገሡኝ፤ ውበቱ ያለው ዝርዝሩ ውስጥ ነው።

30 የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ ወንዶችና 30 ተቃራኒ ጾታ አፍቃሪ ወንዶች ሰበሰበች። አንድ ለአንድ አቻ ለአቻ አደረገቻቸው፤ በዕድሜ፣ በትምህርት፣ በአእምሮ ብስለት መለኪያ። ከሁለቱም ወገን ሕክምና ላይ ያለ ሰው አላስገባችም። ለመጀመሪያው ወገን ሳምና ጓደኞቹ ረዷት። በ1950 እዚሁ ሎስ አንጀለስ የተመሠረተው ማታሺን የሚባለው የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪዎች ማኅበርም ረዳት። በስውር የሚሰበሰቡ፣ መስኮት ዘግተው የሚያወሩ ሰዎች ናቸው፤ ለሷ ግን በራቸውን ከፈቱ። የከበዳት ሁለተኛው ወገን ነው። በዚህ ጉዳይ ላይ በሚሠራ ጥናት ስሙ እንዲገባ የሚፈልግ ወንድ ማን አለ? ስለዚህ ሰው ባየች ቁጥር ትጠይቅ ነበር። ባለቤቷ በሳልቴር ጎዳና የሚያልፍ ወንድ ሁሉ አይተርፍም እያሉ ይቀልዱባት ነበር።

ፈተናውን የሰጠችው ዩኒቨርሲቲው ውስጥ ሳይሆን ግቢዋ ውስጥ ባለችው ትንሽ ቤት ነው። ለምን? ሰዎቹ በሕግ ወንጀለኞች ናቸው። ስማቸው አፈትልኮ ቢወጣ እስር ቤት ሊገቡ ይችላሉ። ከዋናው ቤት የተነጠለች፣ በዛፍ የተከለለች ክፍል ታስፈልግ ነበር። እያንዳንዱ ሰው እዚያ ገባ። የሮርሻክን ካርዶች አየ። ሌሎች ሥዕሎች ተሰጥተውት ታሪክ ፈጠረ። ትንንሽ የሰው ምስሎችን ባዶ መድረክ ላይ እየደረደረም ታሪክ ሠራ። እነዚህ ሦስት ፈተናዎች በዚያን ጊዜ የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪን እንደሚለዩ ይታመንባቸው የነበሩ መሣሪያዎች ናቸው። ልብ በሉ፤ የተጠቀመችው ራሷ የፈጠረችውን ፈተና አይደለም። ባላጋራዎቿ በሚያምኑበት ሚዛን ነው የመዘነችው።

ከዚያ ውጤቱን ለሦስት ባለሙያዎች ሰጠች። አንዱ ያ ክሎፕፈር ነው። ሌላው ሞርቲመር ሜየር ነው። ሦስተኛው ኤድዊን ሽናይድማን ነው፤ የምስል ድርደራውን ፈተና የፈጠረው እሱ ራሱ ነው። ስም የለም፣ ማን የየትኛው ወገን እንደሆነ የሚጠቁም ነገር ሁሉ ወጥቷል። ሁለት ነገር ጠየቀቻቸው። አንደኛ፣ ይህ ሰው ኑሮው፣ አእምሮው፣ ከሰው ጋር ያለው ነገር ምን ያህል የተስተካከለ ነው? ከ1 እስከ 5 ስጡት። ሁለተኛ፣ አቻ ለአቻ ሆነው ሁለት ሁለት ሲቀርቡላችሁ የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪው የትኛው ነው?

መለየት አልቻሉም። ሳንቲም ወርውሮ ከመገመት የተሻለ አላገኙም። በመጀመሪያው ጥያቄ ደግሞ ከሁለቱም ወገን ሁለት ሦስተኛ ያህሉ መካከለኛና ከዚያ በላይ ውጤት አገኙ። ከዚህኛውም ወገን ከዚያኛውም ወገን ጤነኛ አለ፣ የተቸገረም አለ፣ መጠኑ ግን ያው ነው። ሊቃውንቱ ማመን አቅቷቸው ነበር። ወረቀቱን መልሰው ያገላበጡትም ነበሩ። አንድ የሚይዙት ምልክት እየፈለጉ።

ይህን ባነበብኩ ቁጥር ልቤን የሚነካኝ ክሎፕፈር ነው። ዕድሜውን በሙሉ የገነባው መሣሪያ እንዳልሠራ የተገለጠው በሱው እጅ ነው። ሊያኮርፍ ይችል ነበር። ሰዎቹን ደብቀውብኛል ሊል ይችል ነበር። ውጤቱን ግን ተቀበለ። የሳይንስ ሰው ማለት እንዲህ ነው።

በ1956 ሁከር ውጤቱን ይዛ ቺካጎ ወደ አሜሪካ የሥነ ልቦና ማኅበር ዓመታዊ ስብሰባ ሄደች። አዳራሹ ጢም ብሎ ነበር። በዓመቱ ጽሑፉ በሙያ መጽሔት ታተመ። ሳም ፍሮም ግን ይህን አላየም። በዚያው በ1956 በመኪና አደጋ ሞተ። ጥናቱን ያስጀመረው ሰው የጥናቱን ዕጣ ሳያይ ነው የሄደው።

ለዚህ ጥናት የሚነሱ ተቃውሞዎች አሉ፤ ትክክለኛ ተቃውሞዎች ናቸው። ሰዎቹ 60 ብቻ ናቸው። ሴቶች የሉም። የተመረጡት በጓደኛና በማኅበር በኩል ነው እንጂ በዕጣ አይደለም። እንደ ሮርሻክ ያሉ ፈተናዎችም ዛሬ ያን ያህል አይታመኑም። ይህ ሁሉ እውነት ነው። ግን የነበረው አባባል ምን እንደነበር አስታውሱ። «ጥቂቶቹ ይታመማሉ» አልነበረም የሚባለው። «ነገሩ በራሱ ሕመም ነው» ነው የሚባለው። በራሱ ሕመም ከሆነ ያለበት ሰው ሁሉ መታመም አለበት። ሁከር ያልታመሙ ሰዎችን አሳየች። ይህን ለማፍረስ አንድ ሺህ ሰው አያስፈልግም። ደግሞም ከሷ በኋላ የመጡት ሌሎች ጥናቶች፣ በሴቶችም ላይ በሌሎች ፈተናዎችም የተሠሩት፣ የሷን ውጤት ደገፉት።

እና ዓለም በማግስቱ ተለወጠ? አልተለወጠም። የሕመሞቹ መዝገብ በ1968 ሁለተኛ ጊዜ ሲታተም ተመሳሳይ ጾታ ማፍቀር አሁንም እዚያው ነበር። ጥናቱ ከታተመ 11 ዓመት በኋላ ማለት ነው። ወረቀት ብቻውን ሰው አይለውጥም።

በ1967 መንግሥት ራሱ ጠራት። የብሔራዊ የአእምሮ ጤና ተቋም ጉዳዩን የሚያጠና ግብረ ኃይል አቋቁሞ ሰብሳቢ አደረጋት። በ1969 ሪፖርቱን አቀረቡ። አዋቂ ሰዎች በፈቃዳቸው በግል የሚያደርጉት ነገር ከወንጀል ሕግ ይውጣ፣ የሥራ አድልዎ ይቁም የሚል ምክር ነበረው። የኒክሰን መንግሥት ሪፖርቱን ቶሎ አላሳተመውም። የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪዎቹ ማኅበራት ቀድመው አወጡት። በዚያው በ1969 ሰኔ ኒው ዮርክ ስቶንዎል በሚባል መጠጥ ቤት ፖሊስ ሲገባ ሰዎቹ አሻፈረን አሉ። ከዚያ ወዲህ ድምፃቸው አደባባይ ወጣ።

የሳይካትሪ ማኅበሩን ስብሰባ ማጥለቅለቅ ጀመሩ። በ1957 በዚሁ ምክንያት ከመንግሥት ሥራ የተባረረው የሥነ ፈለክ ባለሙያ ፍራንክ ካሜኒ አንዱ ነው። የመብት ተሟጋቿ ባርባራ ጊቲንግስ ሌላዋ ናት። በ1972 ዳላስ ላይ በተደረገው ስብሰባ ከመድረኩ ላይ ጭምብል ያጠለቀ፣ ከልኩ የሰፋ ልብስ የለበሰ፣ ድምፁን በማይክራፎን የቀየረ ሰው ተቀመጠ። የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ ነኝ፣ የአእምሮ ሐኪምም ነኝ አለ። ሐኪሞቹ «በሽተኛ» የሚሉት ሰው አብሯቸው ምሳ የሚበላ ባልደረባቸው ነው። ጆን ፍራየር እንደሆነ የታወቀው ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው።

በ1973 የካቲት ወር ቻርልስ ሲልቨርስታይን የሚባል ወጣት የሥነ ልቦና ባለሙያ የሕመሞቹን መዝገብ በሚያዘጋጀው ኮሚቴ ፊት ቀረበ። መፈክር አልያዘም። የያዘው ጥናት ነው። የሁከር ሥራም እዚያ ውስጥ ነበረ። ከኮሚቴው አንዱ ሮበርት ስፒትዘር ነበሩ። ስፒትዘር የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ ሐኪሞች ማታ የሚገናኙበት ቦታ ሄደው ባልደረቦቻቸውን አዩ። በታኅሣሥ 15 ቀን 1973 የማኅበሩ ቦርድ ከመዝገቡ እንዲወጣ ወሰነ።

አንዳንዶች «ሳይንስ በድምፅ ብልጫ ይወሰናል እንዴ?» ይላሉ። ደህና ጥያቄ ነው። በ1974 አባላቱ ድምፅ ሰጥተው ነበር፤ 58 በመቶው ውሳኔውን ደገፉ። ግን ምርጫው ይደረግ ብለው የገፉት ውሳኔውን የተቃወሙት ሐኪሞች ናቸው። መረጃው ከምርጫው በፊት ተቀምጧል። በ1975 ደግሞ የሥነ ልቦና ማኅበሩ፣ ማለትም የሁከር ማኅበር፣ ተመሳሳይ ጾታ ማፍቀር በራሱ የሰውን ማመዛዘን፣ እርጋታ፣ ታማኝነትና የሥራ ችሎታ አይቀንስም የሚል አቋም ያዘ። ባለሙያዎችም ይህን የሕመም ስም ለማስወገድ ግንባር ቀደም እንዲሆኑ ጠየቀ። የዓለም ጤና ድርጅት በ1990 ተከተለ።

የሕዝቡስ አመለካከት? የሕዝብ አስተያየት የሚሰበስበው ጋሉፕ ድርጅት በ1996 አሜሪካውያንን ስለ ተመሳሳይ ጾታ ጋብቻ ሲጠይቅ የደገፉት 27 በመቶ ነበሩ። በ2021 70 በመቶ ሆኑ። በአንድ ትውልድ ውስጥ እንዲህ የሚገለበጥ አመለካከት ብዙ አይገኝም። ምክንያቱ አንድ አይደለም። ግን ግሪጎሪ ሄረክ የሚባሉ የሥነ ልቦና ተመራማሪ ደጋግመው ያገኙት ነገር አለ። የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪ የሆነ ሰው በቅርብ የሚያውቅ፣ በተለይ ያ ሰው ራሱ ነግሮት ያወቀ፣ አመለካከቱ ይለሰልሳል። እርግጥ ነው፣ ሰው የሚነግረው ለሚቀርበው ሰው ነው። ሁለቱ ይመጋገባሉ። የሁከርም ታሪክ የጀመረው እኮ ላብራቶሪ ውስጥ አይደለም፤ ሳም ቤት እራት ላይ ነው። ልዩነቷ እራቱን እዚያው አልተወችውም። ማንም ሊያስተባብለው ወደሚችል ጥናት ለወጠችው፤ ከዚያ እስቲ አስተባብሉ አለች። የኛ ሙያ ድርሻ ይህ ይመስለኛል።

አሁን ወደናንተ ልምጣ። «እኛ እምነት አለን» ትሉኛላችሁ። አውቃለሁ፣ እኔም እዚያው ቤት ነው ያደግሁት። ኃጢአት ነው አይደለም የሚለውን ቤተ ክርስቲያንም መስጊድም በየራሳቸው መንገድ ይመልሱታል። የሥነ ልቦና ሙያ ይህን ለመመለስ ሥልጣን የለውም፣ እኔም አልሞክርም። በሽታ ነው ወይ የሚለው ግን የኛ ጥያቄ ነው፤ ለሱ መልስ አለን። ሁለቱ ሲደባለቁ ነው አደጋው። ልጁ ታሟል ተብሎ ያለ ፈቃዱ ጸበል ሲወሰድ፣ ወይም «ሀገር ቤት ይሂድና ይስተካከላል» ሲባል። ሀገር ቤት የ1996ቱ የወንጀል ሕግ፣ ይኼኛው በኛው አቆጣጠር ነው፣ በአንቀጽ 629 ድርጊቱን በእስራት እንደሚያስቀጣ አትርሱ። እዚህ ተወልዶ ያደገን ልጅ ወደዚያ ስትልኩ ምን ላይ እንደምትጥሉት አስቡ።

«ሐኪም ሊለውጠው አይችልም?» ትላላችሁ። ቅድም ያነሳኋቸው ስፒትዘር በ2003 አንዳንድ ሰው ሊለወጥ ይችላል የሚል ጥናት አሳትመው ነበር። በ2012 ጥናቱ ይህን ለማለት የሚያበቃ እንዳልነበር አምነው የተመሳሳይ ጾታ አፍቃሪዎችን ይቅርታ ጠየቁ። የሥነ ልቦና ማኅበሩም በ2009 ያለውን ጥናት ሁሉ መርምሮ፣ ይሠራል የሚል በቂ ማስረጃ እንደሌለና ሊጎዳ እንደሚችል ተናግሯል። ስለዚህ «እቀይርላችኋለሁ፣ ይህን ያህል ክፈሉኝ» የሚላችሁ ሰው ካለ ገንዘባችሁን ያዙ፤ ልጃችሁንም ያዙ።

ሁከር በስተርጅና የተናገረችው አንድ ነገር አለ። አንዲት ሴት ቀርባ አነጋገረቻት። ይህቺ ሴት ወጣት ሳለች ወላጆቿ ሴት እንደምትወድ ሲያውቁ የአእምሮ ሆስፒታል አስገቧት። እዚያ የተለመደው ሕክምና የኤሌክትሪክ ንዝረት ነው። ሐኪሟ ግን የሁከርን ሥራ ያነበበ ሰው ነበር። አላስነካትም። ሴትዮዋ ይህን የነገረቻት እያለቀሰች ነው። ሁከር በ1996፣ በ89 ዓመቷ ሞተች።

በመጨረሻ አንዲት እናት በእረፍት ሰዓት በወረቀት ጽፈው የሰጡኝን ጥያቄ ልመልስ። «እሺ በሽታ ካልሆነ እኔ ምን ላድርግ?» ይላል። ኬትሊን ራያን የሚባሉ የማኅበራዊ ሥራ ባለሙያ ሳን ፍራንሲስኮ ውስጥ በቤተሰብ ላይ ጥናት ሠርተዋል፤ በ2009 ታትሟል። በጉርምስናቸው ቤተሰባቸው ክፉኛ የገፋቸው ወጣቶች፣ ካልተገፉት ወይም ጥቂት ከተገፉት ጋር ሲነጻጸሩ፣ ራሳቸውን ለማጥፋት ሞክረናል ያሉት ከስምንት ጊዜ በላይ ይበልጣል። ስለዚህ እናቴ፣ ዛሬ ማታ ሁሉን እንዲረዱት አይጠበቅብዎትም። ከቤት አያስወጡት። ስልኩን አይንጠቁት። ጓደኞቹን አይከልክሉት። በዘመድ ፊት አይስደቡት፣ ሌላውም እንዳይሰድበው ይቁሙለት። እምነትዎን ይዘው ይህን ሁሉ ማድረግ ይችላሉ፤ የሚያደርጉ ብዙ እናቶች አውቃለሁ። ልጅዎ መኖር ሰልችቶኛል የሚል ቃል ከተናገረ ደግሞ እስከ ጠዋት አይጠብቁ። ራሱን ሊያጠፋ ለሚያስብ ሰው በተከፈተው የአሜሪካ የእርዳታ መስመር 988 ይደውሉ፣ ቀንና ሌሊት ይሠራል። እንግሊዝኛው ካስቸገረዎት አስተርጓሚ እፈልጋለሁ ይበሉ። እኔም ከንግግሩ በኋላ እዚሁ አለሁ፤ በግል ማውራት ለሚፈልግ ጀርባ ያለችው ክፍል ክፍት ናት።